የእርሻ በሬ ለሐራጅ ከመቅረቡ በፊት

የአርሶ አደሩ ዕዳ የሚከፈልበት ወቅት የታወቀ ነው። የመኸር ሰብል ታጭዶና ተወቅቶ ገበያ ሲወጣ የማዳበሪያው፣ የምርጥ ዘሩ፣ የማድለቢያ ከብቱና የጎረቤቱ ብድር ሁሉ በአንድ ላይ ይመጣል። ሰብሉ ከሰመረ ዕዳው ከምርቱ ይወጣል። ውርጭ፣ በረዶ ወይም ዋግ ከመታው፣ አለዚያም የእህል ዋጋ ከወደቀ ግን ጉዳዩ ከሽማግሌ እጅ ወጥቶ ወደ ወረዳ ፍርድ ቤት ይሄዳል። ፍርድ ይሰጣል፤ የፍርድ ባለመብቱ የአፈጻጸም መዝገብ ያስከፍታል፤ ንብረት ተቆጥሮ ይከበራል፤ የሐራጅ ማስታወቂያ ይለጠፋል። ክሱ፣ መጥሪያውና ቀጠሮው ወራት ስለሚወስድ በጥር የተጀመረ ክርክር ሐራጅ ላይ የሚደርሰው ግንቦትና ሰኔ ላይ ሊሆን ይችላል። ይህ ደግሞ በሬ የሚጠመድበት፣ ዘር ከጎተራ የሚወጣበት ጊዜ ነው።

በዚህ ሰዓት የአርሶ አደሩ ጥማድ በሬ ለሐራጅ ከቀረበ የሚሸጠው ከብት ብቻ አይደለም፤ የመጪው ዓመት አዝመራም አብሮ ይሸጣል። ማሳው ጦም ያድራል ወይም ለእኩል ይሰጣል። ቀሪው ዕዳ የሚከፈልበት ምርትም ይጠፋል። ስለዚህ በፍርድ ቤት ትዕዛዝ የሚደረግ የንብረት ሽያጭ የጠበቆችና የዳኞች ጉዳይ ብቻ ተደርጎ መታየት የለበትም። የግብርና ጉዳይም ነው።

ሕጉ ይህን አስቀድሞ አስቦበታል። የጎደለው ሕግ ሳይሆን በጊዜው የሚጠቀምበት ሰው ነው። አርሶ አደሩ መብቱን የሚጠይቀው በሬው ከተሸጠ በኋላ ከሆነ ነገሩ «ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» ይሆናል። የቀበሌና የወረዳ ኃላፊዎችም ጉዳዩ የፍርድ ቤት ነው ብለው ከራቁ ሕጉ የሰጠው ጥበቃ ወረቀት ላይ ይቀራል።

ሕጉ ምን እንዳይነካ ከለከለ?

ከ1958 ዓ.ም. ጀምሮ ሲሠራበት የኖረው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 404 ለዕዳ ሊከበሩና ሊሸጡ የማይችሉ ንብረቶችን ዘርዝሯል። የፍርድ ባለዕዳውና የቤተሰቡ አስፈላጊ ልብስ፣ የምግብ ማብሰያና መኝታ ከእነዚህ ውስጥ ናቸው። ባለሙያ የሚሠራበት መሣሪያም እንዲሁ። ባለዕዳው አርሶ አደር ሲሆን ደግሞ በግብርና ሥራው ለመኖር የሚያስፈልጉት ከብቶችና የዘር እህል አይከበሩም። ለእርሱና ለቤተሰቡ ለ3 ወር የሚበቃ ምግብና ገንዘብም ከዕዳው መያዣ ውጭ ነው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ ሊባል ይገባል። ሕጉ «ሁለት በሬ»፣ «ይህን ያህል ኩንታል ዘር» ብሎ ቁጥር አላስቀመጠም። ለአርሶ አደሩ ኑሮ ምን ያህሉ እንደሚያስፈልግ የሚወስነው ፍርድ ቤቱ ነው። ዳኛው ይህን ሊወስን የሚችለው ማስረጃ ሲቀርብለት ነው። አርሶ አደሩ ስንት ጥማድ መሬት ያርሳል? ምን ይዘራል? ከበሬዎቹ የትኛው ለእርሻ፣ የትኛው ለማድለብ የተያዘ ነው? አንድ ሄክታር ስንዴ ለመዝራት ከ1 ኩንታል እስከ 1 ኩንታል ተኩል ዘር እንደሚፈለግ የልማት ጣቢያ ሠራተኛው ያውቃል። ጤፍ ከዚያ እጅግ ያነሰ ዘር እንደሚበቃውም ያውቃል። መዝገቡ ላይ የተጻፈ ነገር ከሌለ ግን ዳኛው ከሕግ ትምህርት ቤት ይህን ይዞ እንዲወጣ አይጠበቅም።

ጥበቃው ወሰን እንዳለውም መታወቅ አለበት። አምስት የሚደልቡ ሰንጋዎች ያሉት አርሶ አደር ሁሉም ለእርሻ ያስፈልጉኛል ቢል አይሰማም። ለገበያ የተቀመጠ 20 ኩንታል ስንዴ ሁሉ «ዘር» ሊባል አይችልም። ባለዕዳው ራሱ ከብቱን ወይም ሰብሉን ለብድር መያዣ አድርጎ የሰጠ እንደሆነም ነገሩ ይለያል። የሚንቀሳቀስ ንብረትን በዋስትና ስለማስያዝ የወጣው አዋጅ ቁጥር 1147/2011 ለአበዳሪው በመያዣው ላይ የቀዳሚነት መብት ስለሚሰጥ ቁጥር 404 ብቻውን ያድነኛል ብሎ መተማመን አይገባም። ውል ሲፈረም የትኛው ከብት በመያዣነት እንደተጻፈ ማንበብ ወይም ማስነበብ የሚያስፈልገው ለዚህ ነው።

መሬቱና በመሬቱ ላይ ያለው

በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 40 መሬት እንደማይሸጥና እንደማይለወጥ ደንግጓል። በመሆኑም የአርሶ አደሩ የእርሻ ይዞታ እንደ በሬ ወይም እንደ ቆርቆሮ ቤት በሐራጅ ተሸጦ ባለቤት ሊለውጥ አይችልም። የይዞታ ደብተር በአበዳሪ እጅ መገኘቱም መሬቱን የአበዳሪው አያደርገውም። ደብተሩን ለግለሰብ አበዳሪ አስረክበው ማሳቸው የተወሰደ የሚመስላቸው ቤተሰቦች ይህን ማወቅ አለባቸው።

ሆኖም ያው አንቀጽ 40 አርሶ አደሩ በጉልበቱና በገንዘቡ በመሬቱ ላይ ያፈራው ንብረት የራሱ መሆኑን ይናገራል። መኖሪያ ቤቱ፣ የባሕር ዛፍ ተክሉ፣ በማሳው ላይ የቆመው ሰብል የግል ሀብቱ ነው። የግል ሀብት ስለሆነም ለዕዳ ሊከበር ይችላል። የገጠር መሬት አስተዳደርና አጠቃቀም አዋጅ ቁጥር 1324/2016 ደግሞ የመጠቀም መብትን ለብድር ዋስትና ማስያዝን ፈቅዷል። እዚህም ቢሆን ለዋስትና የሚቀርበው ለተወሰነ ጊዜ የመጠቀም መብት እንጂ መሬቱ አይደለም። ስለዚህ አንድ የሐራጅ ማስታወቂያ «የእርሻ መሬት» የሚል ቃል ከያዘ መጀመሪያ መጠየቅ ያለበት ጥያቄ የሚሸጠው ምንድን ነው የሚለው ነው። ዛፉ ነው? ቤቱ ነው? ሰብሉ ነው? ወይስ መሸጥ የማይችለው ይዞታ? የወረዳው የገጠር መሬት ጽሕፈት ቤት ለዚህ ጥያቄ ከመዝገቡ ግልጽ መልስ ሊሰጥ የሚችል ተቋም ነው።

ተቃውሞ በየደረጃው

ብዙ አቤቱታ ውድቅ የሚሆነው መብት ስለሌለ ሳይሆን ጥያቄው በማይገባው ቦታና ሰዓት ስለሚቀርብ ነው። ስለዚህ ደረጃዎቹን ለይቶ ማወቅ ይጠቅማል።

የመጀመሪያው ደረጃ ፍርዱ ራሱ ነው። «ዕዳው የለብኝም»፣ «ገንዘቡ የተጻፈው ከወሰድኩት በላይ ነው»፣ «ወለዱ አራጣ ነው» የሚሉ ክርክሮች የሚነሱት ክሱ ሲሰማ ነው። አፈጻጸሙን የያዘው ችሎት ፍርዱን እንደገና አይመረምርም። በፍርዱ ያልተስማማ ሰው ይግባኙን በ60 ቀን ውስጥ ያቀርባል። መጥሪያ በአግባቡ ሳይደርሰው በሌለበት የተፈረደበት ሰው ደግሞ ፍርዱን ባወቀ በ1 ወር ውስጥ፣ በቁጥር 78 መሠረት፣ እንዲነሳለት ፍርዱን የሰጠውን ፍርድ ቤት ይጠይቃል። ይግባኝ መጠየቅ ብቻውን አፈጻጸሙን እንደማያቆምም መረሳት የለበትም። የእግድ ትዕዛዝ ለብቻው መጠየቅና ማግኘት ያስፈልጋል። ይግባኝ ጠይቄያለሁ ብሎ ቤቱ የተቀመጠ ሰው የሐራጁ ቀን ሳይታሰብ ሊደርስበት ይችላል።

ሁለተኛው ደረጃ ንብረት ሲከበር ነው። የቁጥር 404 ጥያቄ ትክክለኛ ቦታው ይህ ነው። ንብረት ቆጣሪው ደጃፍ ላይ ሲደርስ አርሶ አደሩ የትኛው የእርሻ በሬ፣ የትኛው ዘር እንደሆነ ተናግሮ በቆጠራው ቅጽ ላይ እንዲጻፍለት ማድረግ አለበት። ከዚያም ሳይውል ሳያድር ለፍርድ ቤቱ በጽሑፍ አቤቱታ ያቀርባል። ከዕዳው ጋር የማይመጣጠን ንብረት ተከብሮ ከሆነም የሚነሳው በዚሁ ጊዜ ነው። ለምሳሌ ዕዳው 40 ሺህ ብር ሆኖ አንድ የሚሸጥ ሰንጋና የተወሰነ እህል የሚሸፍነው ከሆነ መኖሪያ ቤት የሚከበርበት ምክንያት የለም። ባለዕዳው በፈቃዱ «ይህን ሽጡ» ብሎ ንብረት ሲያመለክት ፍርድ ቤቱም ባለመብቱም ይቀላቸዋል።

ሦስተኛው ደረጃ ግምቱና ማስታወቂያው ነው። የሐራጅ ማስታወቂያ የሚሸጠውን ንብረት፣ ሽያጩ የሚደረግበትን ቀንና ቦታ፣ የሚፈለገውን የገንዘብ መጠን ለይቶ መናገር አለበት። ሕጉ በማስታወቂያውና በሽያጩ መካከል ለማይንቀሳቀስ ንብረት ቢያንስ 30 ቀን፣ ለሚንቀሳቀስ ቢያንስ 15 ቀን እንዲያልፍ ይጠይቃል። ግምቱ አንሷል የሚል ባለዕዳ ከሐራጁ በፊት ማስረጃ ይዞ መቅረብ አለበት። የሰሞኑ የከብት ገበያ ዋጋ ከወረዳው ንግድ ጽሕፈት ቤት ሊገኝ ይችላል። ባለዕዳው ከሽያጩ በፊት ዕዳውንና ወጪውን ይዞ ከቀረበ ደግሞ ሐራጁ ይቆማል።

አራተኛው ደረጃ ከሽያጩ በኋላ ያለው ነው። በሩ እጅግ የሚጠበው እዚህ ላይ ነው። ቤትን የመሰለ የማይንቀሳቀስ ንብረት ሲሸጥ በማስታወቂያው ወይም በሐራጁ አካሄድ ላይ ከባድ የሥርዓት ጉድለት ወይም ማጭበርበር ተፈጽሞ ከሆነ ጥቅሙ የተነካበት ሰው በቁጥር 445 መሠረት ሽያጩ እንዲፈርስ ሊጠይቅ ይችላል። ነገር ግን ጉድለት መኖሩን ማሳየት ብቻ አይበቃም፤ በዚያ ጉድለት የተነሳ ከፍተኛ ጉዳት እንደደረሰበትም ማስረዳት አለበት። «በርካሽ ተሸጠብኝ» የሚል እሮሮ ብቻውን ሽያጭ አያፈርስም። ማስታወቂያው ሳይለጠፍ ቀርቶ፣ ወይም ተጫራቾች ተመሳጥረው፣ በዚያ ምክንያት ዋጋው መውደቁ ከተረጋገጠ ግን ነገሩ ሌላ ነው።

በሬን የመሰለ የሚንቀሳቀስ ንብረት ሲሆን መንገዱ ከዚህም የጠበበ ነው። በሐራጁ ሥርዓት ላይ የታየ ጉድለት ሽያጩን አያፈርሰውም፤ የተጎዳው ሰው ጉዳት ካደረሰበት ሰው ላይ ካሳ ይጠይቃል እንጂ። ካሳው ከዓመት በኋላ ቢገኝ እንኳ የሰኔን እርሻ አይመልስም። ለአርሶ አደሩ «ሳይቃጠል በቅጠል» የሚለው ምክር ከማንም በላይ የሚሠራው በዚህ ምክንያት ነው።

አንድ ማሳሰቢያ መጨመር ያስፈልጋል። ከላይ የተነገረው በፍርድ ቤት ትዕዛዝ ስለሚደረግ ሽያጭ ነው። ባንክ በመያዣ የያዘውን ንብረት በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ያለ ፍርድ ቤት በሐራጅ ሊሸጥ ይችላል። የተቃውሞው መንገድም ከዚህ የተለየ ነው። ስለዚህ ማስታወቂያ የደረሰው ሰው መጀመሪያ ማን እንደጻፈው፣ የመዝገብ ቁጥር እንዳለውና እንደሌለው ማየት አለበት።

ዕዳው የባል፣ ንብረቱ የማን?

በገጠር የሚከበር ንብረት ሁሉ የባለዕዳው ላይሆን ይችላል። በአንድ በረት የአባትም የልጅም ከብት ያድራል። ለርቢ የተሰጠች ላም በባለዕዳው ግቢ ትገኛለች። ሚስት ከወላጆቿ የወረሰቻቸው በጎች ከባሏ መንጋ ጋር ይውላሉ። ንብረት ቆጣሪው በግቢ ውስጥ ያገኘውን ሲጽፍ የሌላ ሰው ሀብት አብሮ ሊጻፍ ይችላል።

ለዚህ መፍትሔው ቁጥር 418 ነው። የተከበረው ንብረት የእኔ ነው የሚል ሦስተኛ ወገን ማስረጃውን ይዞ አፈጻጸሙን ለያዘው ፍርድ ቤት ተቃውሞ ያቀርባል። ፍርድ ቤቱ ይመረምራል፤ የእርሱ ሆኖ ካገኘው ይለቃል። ውሳኔው ያልተስማማው ወገን መብቱን በመደበኛ ክስ ሊያረጋግጥ ይችላል። ፍርዱ ራሱ መብቱን የሚነካበት፣ በክሱ ያልተካፈለ ሰው ደግሞ ፍርዱ ከመፈጸሙ በፊት በቁጥር 358 የፍርድ መቃወሚያ የሚያቀርብበት ሌላ መንገድ አለው። ሁለቱም መንገዶች ጊዜ አላቸው፤ ሁለቱም ዝም ላለ ሰው አይሠሩም።

የሚስት ጉዳይ የበለጠ ጥንቃቄ ይፈልጋል። በጋብቻ ውስጥ ለቤተሰቡ ጥቅም የተወሰደ ዕዳ የሁለቱም ዕዳ ነው። ለማዳበሪያ የተወሰደ ብድር የባሌ ነው ብሎ መከራከር አያዋጣም። ባል ብቻውን ለሌላ ሰው ዋስ ሆኖ የገባበት ወይም ለቤቱ ያልዋለ ዕዳ ሲሆን ግን የሚስት የግል ንብረት ለዚያ ሊሸጥ አይገባም። በክልሉ የይዞታ ደብተር የባልም የሚስትም ስም መስፈሩ ሴቶች መብታቸውን በሰነድ እንዲያሳዩ ረድቷል። ለከብትና ለእህል ግን እንዲህ ያለ ደብተር የለም። ስለዚህ የጎረቤት ምስክር፣ የገበያ ደረሰኝ፣ የውርስ ማስረጃ አስቀድሞ መያዝ ያስፈልጋል።

የአበዳሪውም መብት መብት ነው

ይህ ሁሉ ሲባል ዕዳ አይከፈል ማለት አይደለም። ገንዘቡን አበድሮ፣ ተካሶ፣ አስፈርዶ ዓመት የሚንከራተት ሰውም አርሶ አደር ሊሆን ይችላል። ለጎረቤቱ በሬ በዱቤ የሸጠ፣ ለኅብረት ሥራ ማኅበሩ ድርሻውን ያዋጣ፣ ከጓደኛው ጋር በቡድን ዋስትና ገብቶ የጓደኛውን ዕዳ የከፈለ ብዙ ነው። ፍርድ የማይፈጸምበት አገር ለአርሶ አደር የሚያበድር አይገኝም። ቀን ለመግፋት ብቻ የሚቀርብ ተቃውሞ፣ ከብቱን ማታ ለዘመድ ነድቶ ጠዋት «የለኝም» ማለት፣ በዘመድ ስም የውሸት የባለቤትነት ጥያቄ ማስነሳት የሕጉን ጥበቃ ያረክሰዋል። እውነተኛው ባለመብት ሲመጣም እንዳይታመን ያደርገዋል።

የእርሻ በሬን ከሐራጅ ማትረፍ አበዳሪውንም ይጠቅማል። በሰኔ ሁለት በሬ ተሽጦ ግማሽ ዕዳ ከሚሰበሰብ፣ አዝመራው ደርሶ በታኅሣሥና በጥር ሙሉው ቢከፈል ለማን ይከፋል? የፍርድ ባለመብቱና ባለዕዳው ተስማምተው በአዝመራ ጊዜ የሚከፈል የክፍያ ፕሮግራም ለፍርድ ቤቱ ቢያቀርቡ ሁለቱም ከሐራጅ ወጪ ይድናሉ። «የቸኮለ አፍሶ ለቀመ» የሚባለው በዚህም ይሠራል። እዚህ ላይ አንድ የተለመደ ጉድለት መታረም አለበት። በሽማግሌ ፊት የተከፈለ ገንዘብ ለፍርድ ቤቱ ተነግሮ በመዝገቡ ላይ ካልሰፈረ፣ የከፈለው ሰው ሁለተኛ እንዲከፍል ሊጠየቅ ይችላል። እርቁም ክፍያውም መዝገቡ ላይ ይስፈር።

ከወረዳውና ከቀበሌው ምን ይጠበቃል?

ዳኝነቱ የፍርድ ቤት ነው። አስተዳደሩ ፍርድ እንዳይፈጸም ጣልቃ መግባት የለበትም፤ ማስረጃ መስጠት ግን ጣልቃ ገብነት አይደለም። የሚከተሉት ሥራዎች አዲስ አዋጅም አዲስ በጀትም አይፈልጉም።

አንደኛ፣ የአርሶ አደር ከብትና እህል ሲከበር የልማት ጣቢያ ሠራተኛው በቆጠራው ላይ ቢገኝና ለእርሻ የሚያስፈልገውን ከብትና የዘር መጠን በአንድ ገጽ ጽፎ ለፍርድ ቤቱ ቢሰጥ የቁጥር 404 ጥያቄ በግምት ሳይሆን በእውቀት ይወሰናል። የወረዳ ፍርድ ቤቱና የግብርና ጽሕፈት ቤቱ በዚህ ላይ የጋራ አሠራር ሊያበጁ ይገባል።

ሁለተኛ፣ የሐራጅ ማስታወቂያ በፍርድ ቤቱ ሰሌዳ ላይ ብቻ ተለጥፎ መቅረት የለበትም። ንብረቱ ባለበት ቀበሌ ጽሕፈት ቤት መለጠፍ፣ በገበያ ቀን መነገር አለበት። ተጫራች ሲበዛ ዋጋ ይሻላል፤ ዋጋ ሲሻል ዕዳው ቶሎ ይዘጋል፤ ለባለዕዳውም የሚተርፍ ይኖራል። ሐራጁ በቀበሌው ውስጥ ለሚተዋወቁ ሁለት ሦስት ሰዎች ብቻ የሚታወቅ ከሆነ ግን ለመመሳጠር በር ይከፍታል።

ሦስተኛ፣ የቀበሌ አመራር የፍርድ ቤት መጥሪያና ትዕዛዝ ሲደርሰው ለባለቤቱ በወቅቱ ማድረስ አለበት። በመሳቢያ ውስጥ አንድ ወር የቆየ መጥሪያ የአንድ ቤተሰብን የይግባኝ ጊዜ ሊያቃጥል ይችላል።

አራተኛ፣ ጠበቃ ለማቆም አቅም የሌለው አርሶ አደር የት እንደሚሄድ ይነገረው። የወረዳ ፍትሕ ጽሕፈት ቤቶች አሉ። እንደ ባሕር ዳርና ጎንደር ያሉ ዩኒቨርሲቲዎችም የነፃ የሕግ ድጋፍ ማዕከላት አቋቁመዋል። በቀበሌ ስብሰባ ላይ ስለ ማዳበሪያ ሥርጭት ሲነገር ስለ ብድር ውልና ስለ አፈጻጸም ሩብ ሰዓት መናገር የሚከብድ አይደለም።

አርሶ አደሩም የራሱ ድርሻ አለው። ከፍርድ ቤት የመጣን ወረቀት ማንበብ የማይችል ቢሆን በዚያው ቀን ለሚችል ሰው ማስነበብ፣ በቀጠሮው ቀን መቅረብ፣ የሚሸጠውን ንብረት ራሱ ማመልከት፣ የማይሸጠውን ደግሞ በጽሑፍ ማሳወቅ ይኖርበታል። ከፍርድ ቤት ወረቀት መሸሽ ዕዳን አይሰርዝም፤ መብትን ግን ያሳጣል።

ዕዳ ይከፈል። የሚከፈለው ግን ከምርቱ እንጂ ምርቱን ከሚያስገኘው በሬና ዘር አይሁን። ሕጉ የሚለው ይህንኑ ነው። የመጪው መኸር እርሻ ከመጀመሩ በፊት እያንዳንዱ ወረዳ በፍርድ ቤቱ ያሉትን የአርሶ አደር የአፈጻጸም መዝገቦች ከግብርና ባለሙያዎቹ ጋር ተመልክቶ የጎደለውን ማስረጃ ቢያሟላ ሐራጁ ተገቢውን ንብረት ይሸጣል፣ ጥማዱም ማሳው ላይ ይውላል።